አንሴልሞ ሊያዩት ያልደፈሩት ፊልም

ሮተርዳም ውስጥ አረጋውያንን በየቤታቸው እየዞርኩ ስረዳ፣ ከሁሉ አንጀቴን የበሉት ፖርቱጋላዊው አንሴልሞ ናቸው። ሰፈሩ የሚያውቀው ወደብ ላይ ጭነት ሲያወርዱ ኖረው ጡረታ የወጡ ዝምተኛ ሽማግሌ መሆናቸውን ነው። እኔም ሌላ አላውቅም ነበር። አንድ ቀን መስኮት ስወለውል ግን፣ «ብርነሽ፣ እስቲ እዚያው ቁሚ። ብርሃኑ ጉንጭሽ ላይ ሲያርፍ ልየው» አሉኝ።

ያን ዕለት ነገሩኝ። በወጣትነታቸው ሊዝበን ውስጥ ስመ ጥር የፊልም ካሜራማን ነበሩ። ፊልም ከሚታጠብበት ጨለማ ክፍል ተነስተው፣ ካሜራ ተሸክመው፣ በመጨረሻ ተዋንያኑ ራሳቸው «አንሴልሞ ያንሳን» የሚሉላቸው ሆኑ። በአውሮፓውያኑ ሃምሳዎቹ መጀመሪያ ላይ፣ አትላንቲክን ተሻግረው በረዷማው ባሕር ላይ ዓሣ የሚያጠምዱ ሰዎችን እንዲያነሱ ተላኩ።

መርከቡ ሲነሳ ወደ ወደቡ ዞረው ሸኚዎቹን አነሱ። ከሚያለቅሱት ሴቶች መሃል ሚስታቸው ዴልፊና ቆማለች። ልጃቸው ኢልዳ እናቷ ትከሻ ላይ ሆና እጇን ታውለበልባለች።

ከወራት በኋላ ሲመለሱ ኢልዳ በማጅራት ገትር ሞታ ተቀብራለች።

«እስከ መጨረሻው ስትጠራህ ነበር» አለቻቸው ዴልፊና። ከዚያ ወዲያ አብሮ መኖር አልሆነላቸውም።

አንሴልሞ ያነሱትን ለአሠሪዎቻቸው አስረከቡ እንጂ ፊልሙን አላዩትም። ካሜራም ዳግመኛ አልነኩም። «አንዱን ዓይኔን ጨፍኜ ባየሁ ቁጥር እሷ ትመጣብኛለች» አሉኝ። አገራቸውን ጥለው መጥተው ሮተርዳም የቀን ሠራተኛ ሆኑ።

በአውሮፓውያኑ 1984 ያ ፊልም ዴን ሃግ ውስጥ በአንዲት ትንሽ አዳራሽ እንደሚታይ ሰሙ።

«ሳልሞት ልያት። ብቻዬን ግን አልችልም» አሉኝ።

ባቡሩ ዴልፍትን እስኪያልፍ ከረባታቸውን ደጋግመው ያስተካክሉ ነበር።

ፊልሙ ተጀመረ። ቄስ መርከበኞቹን ባረኩ፤ ገመዱ ተፈታ። አንሴልሞ ክንዴን ጨበጡ። «አሁን ነው!»

ማያው ላይ የመጣው ግን ባዶ ባሕር ነው።

«ቆይ፣ ኋላ ይሆናል» አሉ። እስከ መጨረሻው ጠበቅን፤ ኢልዳ አልመጣችም።

መብራት ሲበራ የትርኢቱን አዘጋጅ ጠየቁት። ወጣት ሆላንዳዊ ነው፤ በአክብሮት መለሰላቸው። «ጌታዬ፣ የሴቶቹን ልቅሶ የዚያ ዘመን የፖርቱጋል ሳንሱር ቆርጦታል። ሕዝብ ሳያየው በፊት ነው የወጣው። የተቆረጠው የት እንደገባ የሚያውቅ የለም።»

ስንመለስ በባቡሩ መስኮት እያዩ፣ «ያኔ ፊልሙ ሲቀናበር ገብቼ ቢሆን አያት ነበር፤ ገና አልተቆረጠም ነበር። እሷ እዚያ ነበረች፤ እኔ ነኝ የሸሸሁት» አሉ።

ቀይ ሽብር ከበላው ወንድሜ እኔም አንዲት ፎቶግራፍ እንኳ አልቀረኝም። እጃቸውን ያዝኩ።

በሚቀጥለው ክረምት ታመው ሞቱ። ከመሞታቸው በፊት ሥራዬን እያስተዉኝ አጠገባቸው ያስቀምጡኝና ወደቡ ላይ ስላነሷት ኢልዳ ይነግሩኝ ነበር። ንፋስ ፀጉሯን ወደ የት እንደወሰደው፣ ወድቃ የሸረፈችው የፊት ጥርሷ ስትስቅ እንዴት እንደሚታይ፣ እናቷን በየትኛው እጇ እንደያዘች።

«አየሻት?» ይሉኛል።

«አየኋት» እላቸዋለሁ።