ያልነበሩት ዘበኛ

ትናንት ጠዋት መታወቂያ ላሳድስ ወረዳ ሄጄ... ሳቄን እስካሁን አልጨረስኩም።

ከቃሊቲው ባቡር ወርጄ ስደርስ ሰልፉ ከግቢው አልፎ አስፋልቱ ዳር ወጥቷል። በሩ ላይ እንደ ሁልጊዜው ጋሽ ደምሴ ቆመዋል። የሰፈራችን ሰው ናቸው፤ የወረዳው ዘበኛ። «ነበሩ» ልበል ይሆን? ጡረታ ወጥተዋል ተብሎ ደመወዛቸው ቆሟል፤ በሩን የሚረከባቸው ሰው ስላልተመደበ ግን ዛሬም ይጠብቃሉ። በነጻ!

የጡረታ አበሉስ? እሱ አቶ ፍቃዱ ጠረጴዛ ላይ ተኝቷል። ወረዳው ገና ቀበሌ ሳለ ጋሽ ደምሴ የሠሩባቸው ዓመታት ማኅደር ጠፍቷል። የሰው ሀብት ኃላፊው አቶ ፍቃዱም «ያኔ እንደነበሩ የሚያስረዱ ሦስት ምስክሮች ያምጡ» አላቸው። የድሮ ባልደረቦቻቸው አርፈዋል። የቀረው ራሱ አቶ ፍቃዱ ነው፤ ሥራ የጀመረው እዚያው ቀበሌ፣ ጋሽ ደምሴ በሩ ላይ ቆመው ሳለ ነው። እሱ ደግሞ «እኔ ወሳኝ ነኝ፣ መመስከር አልችልም፤ ማወቄ ማስረጃ አይሆንም» ብሎ መለሳቸው። እነዚያ ዓመታት ካልተቆጠሩ የሚሰጣቸው አበል ለቤት ኪራይም አይበቃም። ይህን ሲያወሩኝ ዓይናቸው እንባ ያቀርራል... እኔም እበግናለሁ።

እና ትናንት አቶ ፍቃዱ እያለከለከ መጣ። ከክፍለ ከተማ የመጡ እንግዶች ውስጥ እየጠበቁት ነው። ጋሽ ደምሴ እጃቸውን ዘርግተው አገዱት።

«ባጅህን አሳየኝ።»

«ጋሼ፣ ባቡር ውስጥ ግፊያው ላይ ተበጠሰብኝ። ይክፈቱልኝ፣ ረፍዶብኛል።»

«ባጅ የሌለው ሠራተኛ አይግባ ብለህ የለጠፍከው አንተው ነህ።»

«እንዴ፣ እያወቁኝ?»

«እኔማ አውቅሃለሁ። ማወቅ ግን ማስረጃ አይሆንም ብለኸኛል። ሦስት ምስክር አምጣ።»

አቶ ፍቃዱ ለመሳቅ እየሞከረ ወደ እኛ ዞረ።

«እዚህ እንደምሠራ ታውቃላችሁ አይደል? ንገሯቸው እንጂ!»

ከፊቴ ያሉት እናት ነጠላቸውን አስተካከሉ። «የኔ ልጅ፣ ከፋሲካ ጀምሮ እመላለሳለሁ። ስብሰባ ላይ ነው ሲሉኝ እንጂ ስትሠራ አላየሁም። በሐሰት አልመሰክርም።»

ከኋላዬ ያለው የባጃጅ ሹፌር «እኔም የማውቀው ወንበሩን ነው» አለ። አቶ ፍቃዱ እኔ ላይ ሲያፈጥ ቀና ብዬ ሰማዩን ማየት ጀመርኩ።

ስልኩ ጮኸ። እንግዶቹ ናቸው። ሰውየው ጨነቀው።

«ጋሼ፣ ስለ አቦ! ከእርስዎ የተሻለ ምን ምስክር አለኝ? ቀበሌ ሥራ የጀመርኩ ቀን በሩን የከፈቱልኝ እርስዎ አይደሉም እንዴ?»

ጋሽ ደምሴ ጠጋ አሉና...

«ያኔ ነበርኩ?»

ሰልፉ በአንድ ድምፅ «ነበሩ!» አለ። እናትየዋ «ከራሱ አፍ ሰምቻለሁ፤ ለዚህስ እምላለሁ» ብለው ወደ ፊት ወጡ።

በሩ ተከፈተ። እናትየዋ፣ የባጃጁ ሹፌርና እኔ ተከትለነው ገብተን እንግዶቹ ፊት የሰማነውን አንድ በአንድ ተናገርን። አንደኛው እንግዳ ሳቁን መቆጣጠር አቅቶት «ኃላፊው ራሱ ካመነ ምን ቀረ?» አለ። አቶ ፍቃዱ ላብ በላብ ሆኖ ምስክርነታችን ላይ ፈረመ፤ ማኅተምም አስመታ። ወረቀቱን ለጋሽ ደምሴ ስናቀብላቸው አጣጥፈው ደረት ኪሳቸው ከተቱት... እኔም ደስታው እንባዬን አመጣው።

የእኔ መታወቂያ? «ሲስተም የለም» ተባልኩ። ጋሽ ደምሴ ግን ከትናንት ጀምሮ፣ በማኅተም፣ ያኔም የነበሩ ሰው ሆነዋል።