ሟቿ እጇን ለምን ዘረጋች?

አክስቴ ልብስ ሰፊ ናት። በዕድሜዋ ለአንድ ቀን ብቻ ተዋናይ ሆናለች፤ ያቺ አንድ ቀን እስካሁን ግራ እንዳጋባችን አለች።

ለአንድ አስፈሪ የቴሌቪዥን ድራማ ነጭ ቀሚስ እንድትሰፋ ታዘዘች። ሟች እናት ሆና የምትጫወተው ሴት በቀረጻው ቀን ሳትመጣ ቀረች፤ ቀሚሱ ደግሞ ለአክስቴ ልክክ አለ። አዘጋጁ "ወደ ተኛችው ልጅ ሂጂ፣ እጅሽን ዘርጊ፣ በቃ" አላት። ሰውየው ለተዋናይ የታሪኩን መጨረሻ አይናገርም፤ ካወቃችሁት ፊታችሁ ላይ ይነበባል ባይ ነው። እሷም መዘምዘምና መተኮስ እንጂ መጠየቅ አልለመደባትም፣ ዘረጋች።

የመጀመሪያው ክፍል እጇ ልጅቷ አንገት አጠገብ ሲደርስ "ይቀጥላል" ብሎ ቆመ። የት አባቱ ሊቀጥል! ጣቢያው ሁለተኛውን ክፍል ሳያሠራ ተወው።

ችግሩ የአክስቴ ልጅ ሚጣ እኛ ቤት ቁጭ ብላ ማየቷ ነው። ከዚያ ወዲህ ከእናቷ ጋር አልተኛም ብላ እኛ ጋ ማደር ጀመረች።

"እማዬ፣ ልታቅፊያት ነው ልታንቂያት?"

"እኔ እንጃ ልጄ፣ አልነገሩኝም።"

እናቴ በንዴት ጦፈች። "አንቺ ሴትዮ፣ 'ላቅፋት ነው' ብትዪ ምላስሽ ይቆረጣል?"

"የማላውቀውን ምን ብዬ ልዋሽ፣ እትዬ?"

አክስቴ እንዲህ ነች፤ ድርቅ። ሚጣ ግን በየማታው ትራሷን አቅፋ መምጣቷን አልተወችም።

እኔና አክስቴ አዘጋጁን ፍለጋ አብረን ሄድን። አሁን የሠርግ ቪዲዮ ነው የሚቀርጸው። አናቱን አከክ አድርጎ "እውነቱን ልንገራችሁ? እኛም አልወሰንንም ነበር። ተመልካቹ ምን እንደሚል አይተን..." አለ። ግራ መጋባታችን ብሶ ተመለስን።

ሚጣ እነሱ ቤት በር ላይ ጠበቀችን። "ምን አለሽ?"

"እሱም አያውቅም።" አክስቴ ዓይኗ እንባ አቀረረ። በጠራራ ፀሐይ አልጋዋ ላይ ጋደም አለችና ዓይኗን ጨፈነች። "በቃ፣ አሁን ልጅቷ እኔ ነኝ። አንቺ ነይና እጅሽን ዘርጊ፤ የሚያደርገውን እንይ።"

ሚጣ እኔን አየችኝ። እኔ ምን አውቃለሁ? ቀስ ብላ ተጠጋች፤ እጇን ወደ እናቷ አንገት ዘርግታ ቆመች። ከዚያ እናቷ እግር ሥር የተጣለውን ብርድ ልብስ ይዛ እስከ አገጯ ድረስ ሳበችላት።

"ተገልጣ ነበር እኮ!" አለች፣ ሁለታችንንም በቁጣ እያየች።

ድራማው ላይ ያለችው ልጅ ተገልጣ ይሁን አይሁን እኔ እስካሁን ትዝ አይለኝም። ሚጣ ግን የዚያኑ ዕለት ትራሷን ከእኛ ቤት ወሰደች።