ናይሮቢ ላይብረሪ ልሠራ ሄድኩ

ከነጌሌ የወጣሁት ጎህ ሳይቀድ ነው። እውነቱን ልንገራችሁ፣ አላለቀስኩም። እማዬ ታለቅሳለች፣ አባዬ የሱቁን በር ይዞ ጉሮሮውን ይጠራርጋል፣ እኔ ግን ሚኒባሱ ውስጥ በጆንያዎች መሀል ተጣብቄ ሳቄን መዋጥ አቃተኝ። ሥራ አግኝቻለሁ፣ ሥራው ደግሞ ናይሮቢ ነው! ፈተናውን እንኳ የወሰድኩት አባዬ ሱቅ ውስጥ፣ የጨው ጆንያ ላይ ቆሜ ነበር፤ ኔትወርክ የሚይዘው እዚያ ላይ ብቻ ነዋ። የዛሬዋ አለቃዬ ዋንጂሩ በቪዲዮ እያየችኝ «ጭንቅላትሽ ለምን ጣሪያ ይነካል?» ስትለኝ «ረጅም ነኝ» አልኳት።

ያቤሎ ላይ ሻይ፣ ሞያሌ ላይ ማህተም፣ ከዚያ ኬንያ። ድንበሩን ተሻግሬም ያው ቀይ አፈር፣ ያው ግመል፣ ያው «አካም? ናጋ?» የሚል የኦሮምኛ ሰላምታ። ከማርሳቢት ወዲያ ግን ቋንቋውም አየሩም ተለወጠ። ናይሮቢ የገባሁት በሐምሌ ነበር። ምድር ወገብ ስር ያለ ከተማ እንዲህ ይበርዳል ብሎ ማን ነገረኝ? እኔ የነጌሌ ልጅ ካልሲ አድርጌ ተኛሁ! ምግባቸው ኡጋሊ ይባላል። ገንፎ ነው፣ ግን መሀሉ ላይ የቅቤ ጉድጓድ የለውም። እኔ በማንኪያ ቆፈርኩለትና እማዬ የቋጠረችልኝን ቅቤ አፈሰስኩበት። የቢሮው ሰው በሙሉ ቆሞ አየኝ።

አከራዬ አዴ ዳኪ ከማርሳቢት የመጡ የቦረና ሴት ናቸው። ከስሜ በፊት ጎሳዬን ጠየቁኝ፣ ቀጥለው ሥራዬን።

«ኮምፒውተር ላይ ነው፣ አዴ።»

«ይበላል?»

«ምኑን?»

«መብራቴን ነዋ።»

«ትንሽ ይበላል።»

«እንግዲያስ እንግዳ ነው፤ ብዙ ቀን እንዳይቆይ» አሉና ቁልፉን ሰጡኝ።

የመሥሪያ ቤታችን ሥራ ከሳተላይት ፎቶ የሣር ካርታ ማውጣት ነው፤ አርብቶ አደሩ ከብቱን ወዴት እንደሚነዳ እንዲያውቅ። ስሌቱን ከዓመታት በፊት ሲ በሚባል የፕሮግራም ቋንቋ የጻፉት አንድ ሽማግሌ አሁን ጡረታ ወጥተዋል። ሲ አስቀድሞ ወደ ማሽን ቋንቋ ስለሚተረጎም ፈጣን ነው። ወጣቶቹ ደግሞ ሁሉንም የሚጽፉት በፓይተን ነው። ፓይተን ለመጻፍ ይቀላል፣ ስሌት ሲበዛበት ግን ይንቀራፈፋል፤ አንድ ካርታ ከጠዋት እስከ ማታ ይፈጅበት ነበር። የእኔ ድርሻ የሽማግሌውን ስሌት ሼርድ ላይብረሪ ወደሚባል ፋይል ቀይሬ፣ ፓይተን በፈለገ ጊዜ እየጠራ እንዲያሠራው ማድረግ ነው።

ይህንን ለእማዬ በስልክ ላስረዳት ሞከርኩ። «ሱቅ ውስጥ ኦሮምኛ ብቻ የሚያውቅ ገዢና አማርኛ ብቻ የሚያውቅ ነጋዴ ሲገጥሙ እኔ መሀል ገብቼ አገናኝ አልነበር? እንደዚያ ነው» አልኳት።

«ለዚህ ነው ኬንያ ድረስ የሄድሽው?» አለችኝ።

የሥራ ፈቃድ ልጠይቅ ስሄድ ደግሞ ሌላ ጉድ። ማመልከቻዬ ላይ «ሼርድ ላይብረሪ ታዘጋጃለች» ይላል። መኮንኑ መነጽሩን ዝቅ አድርጎ አየኝ።

«እኛ አገር ላይብረሪ የሚሠራ ሰው ሞልቷል። ለምን ከኢትዮጵያ እናስመጣለን?»

«ጌታዬ፣ ይሄኛው መጽሐፍ የለበትም።»

«መጽሐፍ የሌለው ላይብረሪ?»

«አዎ፣ አንድ ፋይል ብቻ ነው።»

«አንድ ፋይል ብቻ ላለው ላይብረሪ የውጭ ሠራተኛ!» ብሎ አጠገቡ ያለውን ባልደረባውን ጠርቶ አሳየው። ሁለቱም ሳቁ፣ እኔም ሳቅሁ። በመጨረሻ ግን ሳቁን አቁሞ፣ ቋሚ ሠራተኛ መሆኔን የሚገልጽ ደብዳቤ ካላመጣሁ ፈቃድ እንደማይሰጠኝ ነገረኝ። ዋንጂሩ ደግሞ ደብዳቤውን የምትጽፈው የሦስት ወር ሙከራዬ ሲያልቅ ነው፤ ያውም ካርታው ከሠራ።

ሙከራው ሊያልቅ አንድ ሳምንት ሲቀረው ፋይሉ ተጠናቀቀ። ፓይተን ጠራው፣ እሱም አቤት አለ። ምን ያደርጋል፣ ቁጥሮቹ ያበዱ ነበሩ! በካርታው መሠረት የነጌሌ ሣር ከናይሮቢ ፎቆች ሁሉ ይረዝማል። ዋንጂሩ አየችውና «የእናንተ ከብቶች ታድለዋል» አለችኝ። ሳቅሁላት። ወደ ቤት ስመለስ ግን የአባዬ ሱቅ በር ላይ ሻንጣዬን ይዤ ቆሜ ታየኝ። ሦስት ቀን ኮዱን መስመር በመስመር ፈተሽኩ፣ ምንም አላገኘሁም። በአራተኛው ቀን አፍሬም ቢሆን ለሽማግሌው ደወልኩ። የቲማቲም እርሻቸው ላይ ነበሩ፣ ከኋላ ውሃ ሲንፎለፎል ይሰማል።

«ልጄ» አሉኝ፣ «የእኔ ስሌት የሚመልሰው ባለ ነጥብ ቁጥር ነው። ለፓይተንሽ ነግረሽዋል?»

አልነገርኩትም! ፓይተን ደግሞ ካልነገሩት የሚመጣለት ሙሉ ቁጥር ይመስለዋል፤ ስለዚህ የመጣለትን ሁሉ አጣሞ ያነባል። አንዲት መስመር ጨመርኩ። ሻዬን ፉት ብዬ ቀና ስል ካርታው ወጥቷል፤ ሣሩም በሣር ልክ ነው። ተነስቼ ጨፈርኩ፣ እውነቴን ነው! ዋንጂሩ እየሮጠች መጣች፣ ቁጥሮቹን ከአሮጌው ካርታ ጋር አስተያየች፣ ከዚያ ጫማዋን አውልቃ አብራኝ ጨፈረች። ደብዳቤውን የጻፈችልኝ በዚያው ከሰዓት ነው።

ፈቃዴን በተቀበልኩ ማግስት ከቢሮ ኮሪደር ላይ ቤት ደወልኩ።

«አጎትሽ ካርታችሁን በሰው ስልክ አየው» አለች እማዬ። «ዳዋ ወንዝ አጠገብ ሣር አለ ይላል አሉ።»

«እና ምን አለ?»

«ባለፈው ሳምንት ከብቶቼ በልተውታል አለ።»

ሆዴን ይዤ ሳቅሁ። እሷ ግን «ለአረፋ ትመጫለሽ?» አለችኝ። ፈቃዴ ኪሴ ውስጥ ነው፣ አዲስ ካርታ ደግሞ በየሳምንቱ ይወጣል። ቢሆንም እመጣለሁ ልላት አፌን ስከፍት «ቆይ፣ ቆይ፣ ስሚ» አለችና ስልኩን ይዛ ወደ በሩ ሄደች። የጣሪያው ቆርቆሮ ሲንኳኳ ተሰማኝ፤ መጀመሪያ እየተነጠለ፣ ኋላ አንድ ላይ።

ዋንጂሩ ስታልፍ ስልኩን ጆሮዬ ላይ ለጥፌ ቆሜ አየችኝ።

«ማን ነው?» አለችኝ በሹክሹክታ።

«ነጌሌ እየዘነበ ነው» አልኳት።