ዝም ያለው ዛጎል

እናቴ ካረፈች በኋላ መካነ ሰላም ያለውን ቤቷን ስናጸዳ፣ ከሳጥኗ ሥር በአረንጓዴ ሻሽ የተቋጠረ ጥቁር ዛጎል አገኘሁ። ወዲያው አወቅሁት።

ልጅ ሳለሁ እህቴ ዘይነብ ከቤይሩት ስትመለስ ያመጣችው ነው። ውስጡ እንደ ንጋት ሰማይ ነጣ ያለ ሰማያዊ ነው፤ ያኔ ሳሸተው ጨው ጨው ይል ነበር።

"በሕይወት ሳለ ከባሕር ዓለት ጋር በገዛ ክሩ ታስሮ ይኖራል" አለችኝ። "ውኃ ሲሸፍነው ተከፍቶ ምግቡን ያጠልላል፤ ውኃው ሲሸሽ ይዘጋል። ማዕበል እንኳ አይነቅለውም።"

እናቴ የምታውቀው ዛጎል ግን ጠንቋይ የሚጥለውን ብቻ ነበር። "አዑዙ ቢላህ! ይህን ከቤቴ አውጪልኝ" አለች።

"አብሽሪ እማዬ፣ የሚበላ እኮ ነው። ለማዳም የምቀቅለው እኔ ነበርኩ። እሳት ላይ አፉን የከፈተው ይበላል፤ ዝም ያለው ይጣላል።"

ይህን ስትል ድምፅዋ ቀጠነ። እጅጌዋን ስባ ክንዷ ላይ ያለውን የቃጠሎ ጠባሳ ሸፈነች። ምን ሆነሽ ነው ብሎ የጠየቃት ሰው አልነበረም። እኔም ስለ ምግብ የምታወራ ነበር የመሰለኝ።

እናቴ ዛጎሉን አመድ መድፊያው ላይ ወረወረችው። ዘይነብ በዚያው ክረምት ተመልሳ ሄደች፤ ከዚያ ወዲህ ድምፅዋን የሰማ የለም።

አሁን ዛጎሉን አገላብጬ አየሁት። ጠርዙ ከመዳበስ ብዛት ለስልሷል። የጠንቋይ ደጃፍ ረግጣ የማታውቀው እናቴ፣ ብቻዋን ስትሆን ስለ ዘይነብ ስንቴ ጠይቃው ይሆን?