ከግራ ሦስተኛዋ ፊውዝ

መኪና ነድቼ አላውቅም። ፊውዝ ግን እቀይር ነበር። ይህን የምለው ለመኩራት አይደለም፤ ስለዚያች መኪና ለመጻፍ ሌላ መጀመሪያ ስላላገኘሁ ነው።

መኪናዋ ነጭ ነበረች። ባለቤቴ ከለውጡ በፊት ቢቸና ላይ ጨርቅና ጨው ሲነግዱ፣ ወደ ሌላ አገር ከተዛወረ የመንግሥት ሠራተኛ የገዟት አሮጌ የቤት መኪና ናት። ባለቤቴ በዕድሜ በጣም ይበልጡኝ ነበር። ጉልበታቸውን ያማቸዋል። የፊውዙ ሳጥን ደግሞ ከመሪው በታች፣ ከነጂው ግራ ጉልበት በላይ ስለሆነ ጎንበስ በማለት ብቻ አይታይም። ወንበሩ ላይ በጀርባ ተንጋሎ፣ ራስን ወደ ፔዳሎቹ አስገብቶ፣ እግርን በበሩ ወደ ውጭ አውጥቶ ነው የሚደረስበት። ይህ ሲያቅታቸው እኔን አስተማሩኝ።

"አንቺ ተምረሻል፤ ቁጥር አይጠፋሽም" አሉኝ። የተማርኩት እስከ አሥረኛ ክፍል ነው።

የሳጥኑ ክዳን ሲነሳ ስምንት ፊውዞች በአንድ ረድፍ ተደርድረው ይታያሉ። እያንዳንዷ የጣት አንጓ የምታህል ነጭ ሸክላ ናት፤ በጎኗ ቀጭን የብረት ቅጠል ያልፋል። ቅጠሉ ከተበጠሰ ወይም ከጠቆረ ተቃጥላለች ማለት ነው። ከግራ የመጀመሪያዋ የግራ መብራት ናት፣ ሁለተኛዋ የቀኝ፣ አራተኛዋ የጥሩምባ። የሌሎቹን ሥራ ዛሬም አልረሳሁትም፤ መዘርዘሩ ግን ለማንም አይጠቅምም። ሦስተኛዋን ቆይቼ አመጣታለሁ።

አሠራሩ ቀላል ነው። መጀመሪያ ቁልፉን ማጥፋት፣ ከዚያ የተቃጠለችውን በሁለት ጣት ማውጣት። የሚይዟትን ሁለት የመዳብ ምላሶች በክብሪት ቀፎ ጎን ፈቅፈቅ አድርጎ ዝገቱን ማስለቀቅ። ከዚያ ደህናዋን አስገብቶ፣ አጥብቃ እስክትይዝ ሁለት ሦስት ጊዜ በቦታዋ ማሽከርከር ነው። ባለቤቴ በአንድ ነገር ብቻ ይቆጡ ነበር። ፊውዝ ያጡ ሾፌሮች ከሲጋራ ፓኮ ውስጥ ያለውን ብርማ ወረቀት በተቃጠለችው ፊውዝ ላይ ጠቅልለው ይሰኩታል። መኪናው ይሠራል። "ይህቺ የምትቃጠለው ሌላው እንዳይቃጠል ነው" ይሉኝ ነበር። "ወረቀት ከጠቀለልሽባት የሚነደው ሽቦው ነው።"

መጀመሪያ ሰሞን እግሬ በበሩ ወጥቶ ያዩ ጎረቤቶች መሳቂያ አደረጉኝ። አንዷ አጥር ላይ ተደግፋ "እቴ፣ ቀሪውን ዋጠችው እንዴ? እግርሽ ብቻ ነው የተረፈው" አለችኝ። እኔም ከውስጥ ሆኜ ሳቅሁ። ያን ጊዜ ገና እንስቅ ነበር።

ለውጡ ከመጣ በኋላ የምናከራያቸው ቤቶች ተወረሱ። ስለዚያ ብዙ አልተናገርኩም፤ የሰው ሁሉ ተወርሷል። መኪናዋ ቀረችልን። ቀረችልን ማለት በእኛ ግቢ ትቆማለች ማለት ነው። ቀበሌው ለስብሰባ፣ ለቅስቀሳ፣ እንግዳ ለመቀበል በፈለገ ጊዜ ሰው ልኮ ይወስዳታል። ስትመለስ ጭቃ ተቀብታ፣ ቤንዚኗ አልቆ ነው። ሦስተኛው ጊዜ ስምንት ቀን ቆየች። ስትመጣ እንደ ልማዴ ተንጋልዬ ክዳኑን ከፈትኩ። ከስምንቱ አምስቱ በሲጋራ ወረቀት ተጠቅልለዋል። ከሳጥኑ በስተጀርባ ያለው ሽቦ ቀልጦ እርስ በርሱ ተጣብቋል። የተቃጠለ ላስቲክ ሽታው ከፀጉሬ ሳይለቅ ሰነበተ።

ባለቤቴም አዩት። በሳምንቱ ከመንገድ ሥራ ካምፕ አንድ የሚያውቁት መካኒክ ጠሩ። ሽቦውን ለወጠላቸው። ከዚያ ሞተሩን የሚያስነሳውን መስመር በሦስተኛዋ ፊውዝ በኩል እንዲያሳልፍላቸው ጠየቁት። እሷ ከወጣች መኪናዋ አትነሳም ማለት ነው።

"ለምን ፈለጉት፣ ጋሼ?" አላቸው መካኒኩ።

"ሌባ እንዳይወስዳት።"

"የትኛው ሌባ?"

ተያይተው ሳቁ። እኔ ውኃ እያስታጠብኳቸው ነበር።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ሦስተኛዋ ፊውዝ በክር ቆርቆሮዬ ውስጥ፣ ከመርፌና ከልብስ ቁልፍ ጋር ትቀመጥ ጀመር። በቦታዋ አንድ የተቃጠለች ሰካሁ። መኪናዋ ተበላሸች ተባለ። ባትሪው እንዳይሞት ግን አንዳንዴ ሞተሩ መነሳት ነበረበት። ከግቢያችን አጥር ማዶ የእህል ወፍጮ አለ። ወፍጮው በሚሠራባቸው ቀናት፣ ጩኸቱ ሰፈሩን ሲሞላው፣ እኔ ፊውዟን እሰካለሁ፤ እሳቸው ሞተሩን ለአጭር ጊዜ ያስነሳሉ፤ ያጠፋሉ፤ እኔ እነቅላለሁ፤ የተቃጠለችውን እመልሳለሁ። ወራት እንዲህ አለፉ። እጄ ከመልመዱ የተነሳ ሳላይ እቀይራት ጀመር።

የቀበሌው ሊቀ መንበር ወጣት ነው። በተማሪነቱ ከሱቃችን ደብተር ይገዛ ነበር። አንድ ቀን ጥበቃና መካኒክ አስከትሎ መጣ። መካኒኩ ያው ከመንገድ ሥራ ካምፕ የነበረው ሰው ነው። በወረዳው ሌላ ከየት ይምጣ?

"ጋሼ… ጓድ" አለ ሊቀ መንበሩ፤ "መኪናዎ ከአብዮቱ ጋር አልሄድም አለች አሉ።"

"አርጅታ ነው" አሉ ባለቤቴ። "እኔም ከሷ አልሻልም።"

"እርስዎንማ በስብሰባ እናስነሳዎታለን።"

መካኒኩ ወንበሩ ላይ ተንጋለለ። ክዳኑን ሲከፍት ሰማሁ። የተቃጠለችውን አውጥቶ በጣቱ እያገላበጠ አያት። ሊቀ መንበሩ በዚያ ሰዓት ሲጋራ እያጨሰ፣ ፓኮው በእጁ ነው። መካኒኩ ፓኮውን አየ። ቀጥሎ እኔን አየኝ። ከዚያ የተቃጠለችውን በቦታዋ መለሰና "ከውስጥ ነው የሞተችው፤ ዕቃዋ እዚህ አገር አይገኝም" አለ።

ሊቀ መንበሩ ተናደደ እንጂ አልጠረጠረም። በመዝገብ "ከጥቅም ውጭ" ተብላ ተጻፈች፤ ማኅተም ተደረገበት፤ ባለቤቴም ፈረሙ። ሲሄዱ ባለቤቴ ደጃፉ ላይ ቁጭ አሉና "አሁን የእኛ ሆነች" አሉ። እውነት መስሎኝ ነበር።

እናቴ ሞጣ ከታናሽ እህቴ ጋር ነበረች። በዓቢይ ጾም መግቢያ ከእህቴ ደብዳቤ መጣ፤ ያመጣው የእህል ጫኝ ነው። ሆዷ ተነፍቷል፣ ምግብ አልወስድ ብላለች፣ የጤና ጣቢያው ሰው ባስቸኳይ ወደ ትልቅ ሆስፒታል ውሰዷት ብሏል ይላል። አውቶቡሱ ለዘመቻ ተወስዶ ሳምንት አልፎታል፤ ሌላ መኪና የለም። ደብዳቤው የሚያበቃው "የእናንተን ይዛችሁ ድረሱልን" ብሎ ነው። እህቴ መኪናዋ በመዝገብ መሞቷን አልሰማችም። ብትሰማም ምክንያቱን በወረቀት ልጽፍላት አልችልም ነበር።

ለባለቤቴ አነበብኩላቸው። ደብዳቤውን ከእጄ ወስደው ራሳቸው ደገሙት።

"እንውሰዳት" አልኩ።

"በምን?"

"በመኪናችን።"

"መኪናዋ የለችም" አሉ። "ማኅተም አለባት። ነገ በሞጣ መንገድ ግንደወይን ላይ ስነዳት ቢያዩኝ፣ ከነገ ወዲያ የት እንደምገኝ ታውቂያለሽ።"

አውቅ ነበር። እህል ደበቁ ተብለው ከገበያው ሁለት ነጋዴዎች ተወስደው ነበር፤ የተመለሰው አንዱ ነው። ፍርሃታቸው የውሸት አልነበረም። ይህን በእሳቸው ላይ ስጽፍ ይህንንም መጻፍ አለብኝ።

"እናቴ ናት" አልኳቸው።

"ጠፍቶኝ አይደለም።"

እሳቸው ወደ ጓዳ ሲገቡ የክር ቆርቆሮዬን ከፈትኩ። ፊውዟን አውጥቼ ወደ ግቢ ወጣሁ። ተንጋለልኩ፤ የተቃጠለችውን ነቀልኩ፤ ደህናዋን ሰክቼ ሦስት ጊዜ አሽከረከርኳት። ተነሥቼ ቁልፉን አንድ ደረጃ ብቻ አዞርኩት። ቀይዋ መብራት በራች። አንድ ደረጃ ቢቀጥል ሞተሩ ይነሳል። ከዚያ ወዲያ ምን እንደማደርግ አላሰብኩም፤ መንዳት አልችልም። ምናልባት ከተነሳች እሳቸውም ይነሳሉ ብዬ ይሆናል።

ባለቤቴ በሩ ላይ ቆመው ነበር። ከመቼ ጀምሮ እንደቆሙ አላውቅም።

"ወፍጮው ዛሬ ዝም ነው" አሉኝ።

እጃቸውን በላዬ አሳልፈው ቁልፉን መለሱት። ከዚያ፣ ያ የሚያማቸው ጉልበት ታጥፎ፣ መሬት ላይ ተንበረከኩ፤ እየዳበሱ ሳጥኑን አገኙትና ፊውዟን ነቀሏት። ማድረግ አልችልም ብለው እኔን ያስተማሩኝን ነገር ያን ቀን አደረጉት። ፊውዟን ለእኔ አልመለሷትም። ኮታቸው ኪስ ውስጥ ከተቷት፤ የተቃጠለችውን እኔ በቦታዋ መለስኳት።

በማግስቱ መሸኛ ለመጠየቅ ቀበሌ ሄድኩ፤ ያለ መሸኛ መንገድ አይወጣም። ሊቀ መንበሩ ደብዳቤውን አንብቦ ወዲያው ጻፈልኝ። ማኅተሙን ሲመታ "እናትዎን እግዜር ይማርልዎ" አለኝ፤ በጓድነት ሳይሆን እንደ ሰፈር ልጅ። ቀጥሎ "ያቺ መኪና ብትሠራ ኖሮ እኔው ራሴ አስፈቅድልዎ ነበር" አለ። እውነቱን ይሁን አይሁን እስከ ዛሬ አላወቅሁም። አመሰገንኩና ወጣሁ።

ሁለት ቀን መኪና ስጠብቅ አለፈ። በሦስተኛው ማዳበሪያ የጫነ መኪና ግንደወይን አደረሰኝ። ከዚያ ሞጣ ድረስ ከገበያተኞች ጋር በእግሬ ሄድኩ። ስደርስ ከእህቴ በር ፊት ድንኳን ተተክሏል። እናቴ የተቀበረችው ከትናንት በስቲያ ነበር።

ካለቀስን በኋላ እህቴ አጠገቤ ተቀመጠች። ልትወቅሰኝ አይመስለኝም፤ የሆነውን ልትነግረኝ ነበር።

"የመኪና ድምፅ በሰማች ቁጥር 'ደረሱ' ትለን ነበር" አለችኝ። "ሁለት ጊዜ የመንገድ ልብሷን አልብሰናት ነበር።"

አክስቴ ከማዶ ሆና ሰማች። አክስቴ ቃል መቆጠብ አታውቅም።

"መኪና አላት ሲሉን የኖሩት አንቺን አይደለም እንዴ?" አለች። "ለሠርግ ስትመጡባት ደህና ነበረች።"

ድንኳኑ ውስጥ የነበሩት ሴቶች ወደ እኔ ዞሩ። ከመካከላቸው ማን ምን ለማን እንደሚያወራ አላውቅም። የቢቸናው ቀበሌ ጆሮ ሞጣ አይደርስም ብዬ መተማመን አልቻልኩም።

"ተበላሽታለች" አልኩ። "ከጥቅም ውጭ ናት። በመዝገብም ተጽፏል።"

ድምፄ የባለቤቴን መሰለኝ። አክስቴ ከንፈሯን መጠጠችና ተወችኝ። እህቴ አመነችኝ። እናቴን ከማጣቴ ይልቅ ያ ማመኗ ነው ሲቆረቁረኝ የኖረው። በኋላም ልነግራት ብዙ ጊዜ አስቤ ነበር፤ እሷም ሳልነግራት አለፈች።

በዓመቱ ቀበሌው መኪናዋን "የማይሠራ ንብረት" ብሎ ሊወስዳት መጣ። ከጥቅም ውጭ ነች ብለን የፈረምንበት ወረቀት ራሱ ነው የወሰደብን። ገመድ ይዘው ነበር፤ ገመዱ ግን አላስፈለገም። አብሯቸው የመጣ አዲስ ሾፌር ክዳኑን ከፈተ፤ የተቃጠለችውን አወጣ፤ ከደረት ኪሱ ፓኮ አውጥቶ ብርማውን ወረቀት ጠቀለለባት። ባትሪው ደክሞ ስለነበር ገፏት። በሩን ሳታልፍ ተነሳች።

ሊቀ መንበሩ ሳቀ። "ይህን ያህል ቀላል ነበር እንዴ፣ ጋሼ? አላወቁም እንጂ ሲነዷት በኖሩ" አላቸው። በዚያው አለፈ። ማንም አልጠየቀንም፤ ማንም አልታሰረም። ባለቤቴ ደጃፉ ላይ እንደተቀመጡ መኪናዋ ወደ ሞጣ መንገድ ስትታጠፍ አዩ። እኔ የማየው እሳቸውን ነበር። ያን ቀን ወፍጮው ይጮህ ነበር።

ከዚያ በኋላ ብዙ ዓመት አብረን ኖርን። ልጆች አሳደግን። ስለ ፊውዟ አንስተን አናውቅም። ባለቤቴ በመጨረሻ ዘመናቸው ነገር ይምታታባቸው ጀመር። አንድ ቀን ከአልጋቸው ላይ ሆነው ጠሩኝ።

"ያቺን ፊውዝ የት አደረግሻት?" አሉኝ።

"እርስዎ ወሰዷት።"

"መቼ?"

ቀኑን ነገርኳቸው። ደብዳቤ የመጣ ዕለት፣ ወፍጮው ዝም ያለ ዕለት አልኳቸው። አዩኝ። ማስታወሳቸውን ከዓይናቸው አወቅሁ። ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። ብርድ ልብሱን አስተካክዬላቸው ወጣሁ።

ካረፉ በኋላ ልብሳቸውን ለድሃ ስሰጥ ኮታቸውን ፈተሽኩ። የውጭውን ኪስ፣ የደረቱን፣ ገበሩንም በጣቴ ዳበስኩ። የለችም። የት እንደጣሏት አላውቅም።