ፍሪቶ ሰው አይጠብቅም

ከእሁድ ጀምሮ መጋረጃው ዘይት ዘይት ይሸታል። አጥቤዋለሁ፣ በረንዳ ላይ አስጥቼዋለሁ፣ መስኮት ከፍቼ አድሬያለሁ፤ ሽታው ግን ውጣ ቢሉት የማይወጣ ተከራይ ሆኖብኛል። በሊጥ ተነክሮ የተጠበሰ ዓሣና አትክልት ሽታ ነው፤ እናቴ ፍሪቶ የምትለው። ባለፈው እሁድ እናቴን ይህን ምግብ ትኩሱን፣ ኮሽ እያለ ላበላት ቆርጬ ተነስቼ ነበር። አልሆነልኝም፤ እስካሁን ሳስበው ንድድ ያደርገኛል።

ለአንዲት ጉርሻ ይህን ያህል መናደዴ የሚያስቀው ሰው ካለ ነገሩን ከሥሩ ልንገረው። እናቴ ሳታገባ በፊት ፒያሳ አካባቢ አንዲት ጣሊያናዊት ቤት ወጥ ቤት ትሠራ ነበር። ሲኞራዋ አበባ ጎመኑን፣ ዝኩኒውን፣ ፎሶሊያውን፣ ከባሕር የመጣውን ሁሉ ቀጠን ባለ ሊጥ እየነከረች በጋለ ዘይት ውስጥ ትጥላለች፤ ባሏና ልጆቿ መጥበሻውን ከበው፣ ጣታቸው እየተቃጠለ፣ ከጭልፋው ላይ እየነጠቁ በቁማቸው ይበላሉ። እናቴ መጀመሪያ ቀን አባወራው ወጥ ቤት ውስጥ ቆሞ ሲያላምጥ ስታይ እሷው አፈረችለት። በኋላ ግን አንድ ቁራጭ ዝኩኒ ቀመሰችና ገባት። ፍሪቶ ከዘይት እንደወጣ ካልተበላ አለቀለት፤ ይላላል፣ ይርሳል፣ ዝናብ የመታው ካልሲ ይሆናል። ካልሲ ያለችው እሷ ናት። ክንፍና ቅርፊት የሌለውን የባሕር ፍጥረት ግን ጠብሳ አቀረበች እንጂ አንድም ቀን በአፏ አልዞረም፤ ሃይማኖቷ አይፈቅድማ።

ከዚያ ለአባቴ ተዳረችና እንጦጦ ማርያም ሥር፣ ባሕር ዛፉ መሐል ያለው ቤት ገባች፤ ሙያዋንም ይዛ ሄደች። ፍልሰታ ሲገባ፣ ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበውና ጭጋጉ ወርዶ የግቢያችን አጥር ሲጠፋን፣ ከዝዋይ የመጣ ቆሮሶ ዓሣ ታስገዛለች። ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለው ክርክር እኛ ቤት በአባቴ ፍርድ ተዘግቷል፤ ከሁዳዴ በቀር ይበላል። እንቁላል ግን አይሞከርም፤ ስለዚህ እናቴ ዱቄቱን በቀዝቃዛ አምቦ ውሃ፣ ጋዙ ሳይወጣ፣ ቶሎ ቶሎ ትበጠብጠዋለች። ሊጡ ዘይቱን ሲነካ ጭስስ ብሎ ያብጣል፣ የዓሣው ሽታ ከረጠበው የባሕር ዛፍ ቅጠል ሽታ ጋር ይቀላቀላል፣ እኛ ልጆቹ እስከ ዘጠኝ ሰዓት እንጾማለን ብለን የማልንበት ምላሳችን ምራቅ ይሞላል። ጎረቤቶቻችን «የዓሣ ቦምቦሊኖ» ይሉታል። እናቴ ይህን ስትሰማ ደሟ ይፈላል።

እንግዲህ ጉዱ አባቴ ጋ ነው። አባቴ መልካም ሰው ነበር፤ ችግሩም እሱው ነበር። ቅዳሴ ሲያልቅ ብቻውን አይወርድም። ጋሽ ተሰማ የሚባሉ፣ ብቻቸውን የሚኖሩ፣ አንድ እግራቸውን የሚያነክሱ ጎረቤት ነበሩን፤ ያንን ቁልቁለት በእሳቸው እርምጃ ነው የሚወርደው። መንገድ ላይ ያገኘውን ሰው ሁሉ የሰውየውን ልጆች በየስማቸው እየጠራ ደኅንነታቸውን ይጠይቃል፤ የራበው የመሰለውን ደግሞ እጁን ይዞ እየጎተተ ያመጣዋል። እናቴ ሰዎቹ ከተቀመጡ በኋላ እንዳትጠብስ፣ እንግዳ ባዶ ገበታ ፊት ማስቀመጥ ነውር ነው። ቀድማ ስትጠብስ ደግሞ ሰዎቹ ይገባሉ፣ «ኖር» ይባላል፣ «በእግዜር» ይመለሳል፣ እጅ ይታጠባል፣ ከዚያ ጸሎቱ ይጀመራል። አባታችን ሆይ ካለቀ በኋላ የታመመው፣ መንገደኛው፣ የታሰረው፣ ዝናብ የራቀው አገር ሁሉ በየተራ ይጸለይለታል። እናቴ ጭልፋዋን እንደያዘች ከበሩ ኋላ ትቁነጠነጣለች። ክዳን የተደፋበት ፍሪቶ በገዛ እንፋሎቱ ያልበዋል።

የሚያሳብዳት ግን ይህ አልነበረም። አባቴ ያንን የረጠበ ነገር በልቶ ሲጨርስ ከልቡ «እጅሽ ይባረክ! እንዴት ያለ ለስላሳ ነው፣ ለጥርስ አያስቸግር!» ይላል። ጋሽ ተሰማም ጥርስ ስላልነበራቸው ምስክርነታቸውን ይጨምራሉ። ኮሽ እንዲል ብላ ስትለፋ የዋለችው ሴት በለስላሳነቱ ትመሰገናለች። እሷ የምትፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ባሏ አንድ ቀን፣ አንዲት ቁራጭ፣ ከእሳቱ እንደወጣች እንዲቀምስላት።

አንድ ፍልሰታ ዘዴ ፈጠረች። አባቴ በኩርባው ብቅ እንዳለ ሦስት ቁራጭ አውጥታ ሳህን ላይ አደረገችና በጨርቅ ሸፍና ሰጠችኝ። «ሩጪ! ሲበላ ሳታዪ እንዳትመለሺ!» አለችኝ። ሮጥኩ። ጭቃው አንድ ጫማዬን አስቀረው፤ እኔ ግን ሳህኑን አላጋደልኩም። አባቴ ጨርቁን ገለጥ አድርጎ አሸተተና ፊቱ ሁሉ ሳቀ፤ ከዚያ መልሶ ሸፈነው። «ሰው እንዴት መንገድ ላይ ይበላል፣ ልጄ?» አለኝ። ሳህኑን በሁለት እጁ ይዞ፣ እንዳያዳልጠው ከወትሮው ይበልጥ እየተጠነቀቀ፣ ጋሽ ተሰማና ሌሎች ሁለት ሰዎች እየተከተሉት ቁልቁል ወረደ። እናቴ ከበር ላይ ይህን ሰልፍ ስታይ ድንጋዩ ላይ ቁጭ አለች። «ታቦት አረጋችሁት እንዴ?» ብላ ሳቀች፤ ሳቋ መሐል ግን ዓይኗን ስትጠርግ አይቻታለሁ።

አባቴ ትኩሱን ሳይቀምስ አረፈ። ጋሽ ተሰማም ተከተሉት። እናቴ አሁን ሲ.ኤም.ሲ እኔ ጋ፣ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ነው የምትኖረው፤ ምግብ ቡጭቅ አድርጋ የምትተው ሆናለች። ስለዚህ እሁድ ዕለት፣ ቢያንስ እሷ ራሷ ትኩሱን ትብላ አልኩ። የመጀመሪያው ሊጥ ወፈረብኝ። ሁለተኛው ከዓሣው ላይ እየወለቀ መጥበሻው ውስጥ ቀረ። ሦስተኛውን ስጀምር መብራት ጠፋ። ስሳደብ ቆየሁና መብራቱ ሲመጣ እንደገና ጀመርኩ፤ በመጨረሻ ወርቅ መስሎ፣ በማንኪያ ሲነኩት ኮሽ የሚል ፍሪቶ ወጣልኝ። እየሮጥኩ ፊቷ አስቀመጥኩት።

«ልጆቹስ?» አለችኝ።

ልጄ ክፍሏ ውስጥ ጆሮዋን በማዳመጫ ደፍና ተቀምጣለች፤ ስጠራት «ከሚንግ፣ ማሚ!» አለች። ወንድሟ ስልክ ስደውልለት «መገናኛ ታክሲ እየጠበቅኩ ነው» አለኝ። እናቴ ክዳኑን በዓይኗ ፈለገችና «ሸፍኚው» አለች። «እማዬ፣ ይሄ እኮ ሲጠበቅ ይበላሻል! አንቺ ነሽ ያስተማርሽን!» ብዬ ጮህኩባት። ብቻዬን አልበላም አለች። ተቀመጥን። እንፋሎቱ ክዳኑ ላይ ጠል ሠርቶ መንጠባጠብ ጀመረ። ልጄ ወጣችና በሳህን ዘግና ተመልሳ በሯን ዘጋች። ወንድሟ ደግሞ ደውሎ ከጓደኞቹ ጋር እንደበላ ነገረን።

ንዴቴ ወዴት እንደሚሄድ ጠፋኝና በእሷው ላይ አወረድኩት። ዕድሜ ልክሽን አባባን በዚህ ስትነተርኪው ኖረሽ፣ ዛሬ አንቺው ከእሱ ብሰሽ ታስጠብቂናለሽ አልኳት። ከረጠበው ዓሣ ትንሽ ቆርሳ አላመጠችና፣ ሳትቀየመኝ፣ በረጋ ድምፅ መለሰችልኝ።

«እኔ ያኔ የምናደደው ስለሚዘገዩ ነበር፣ ልጄ። ይቀራሉ ብዬ ግን አንድ ቀን አስቤ አላውቅም።»