እትዬ ዘሃራ በጥላ አልቀረጽም ያሉ ቀን

ሜልቦርን ውስጥ የፊልም ሥራ የጀመርኩ ቀን ካሜራ የሚባል ነገር አላስነኩኝም። ገመድ ስጠቀልል ዋልኩ። አለቃዬ ማርክ የጠቀለልኩትን ይፈታና "እንደገና!" ይለኛል። በልቤ ስንቱን ሰደብኩት! ሙያውን ያስተማረኝ ግን እሱ ነው። ኋላ እሱ ዳይሬክተር ሲሆን ካሜራውን ለእኔ ሰጠኝ።

ከሠራሁት ሁሉ የምኮራው ኒዮናዚ ስለሚባሉት ነጭ ዘረኞች ጥቃት በሠራነው ዶክመንተሪ ነው። ኖርዝ ሜልቦርን ያለውን የእትዬ ዘሃራን ሱቅ ጭንብል ያጠለቁ ጎረምሶች በጠራራ ፀሐይ ሰባበሩት፤ ግድግዳውን በናዚ ምልክት ለቀለቁት። እሳቸውን ገፍትረው ክንዳቸውን ሰበሩ። የወሎ ሴት ናቸው፤ ሙስሊሙም ክርስቲያኑም በርበሬ የሚገዛው ከሳቸው ነው። ጥቃቱን ብዙ ሰው አይቷል፤ ካሜራ ፊት የሚናገር ግን ጠፋ። ፈሩ፣ አልፈርድባቸውም። ምስክር ከሌለ ደግሞ ፊልም የለም።

እሺ ያሉት እትዬ ዘሃራ ብቻ ናቸው። ልጃቸው ከድር "የእናቴ ፊት እንዳይታይ" ብሎ ማርክን ለመነው። እኔም መብራቱን ከጀርባቸው አቆምኩ። ፊታቸው ጥላ ብቻ ሆነ፤ የወለደቻቸው እናት እንኳ አትለያቸውም።

ልቀርጽ ስል ምስላቸውን በሞኒተሩ ላይ አዩት።

"አንተ ልጅ፣ ይቺ ማናት?"

"እርስዎ ነዎት፣ እትዬ።"

"እኔ? ምን ሰርቄ ነው የምደበቀው? ፊታቸውን የሸፈኑት እነሱ! ወላሂ፣ እንዲህ ከሆነ አልናገርም።"

ማርክ ምን አሉ ብሎ አፈጠጠብኝ። ነገርኩት።

ከድር በእንግሊዝኛ ጮኸ፤ "እማዬ፣ ተመልሰው ቢመጡስ?"

"ነገም ሱቄ ውስጥ ነኝ ልጄ። እዚያ ፊቴን ሸፍኜ ልሽጥ?"

ከድር የመብራቱን ማቆሚያ ራሱ አንስቶ ወደ ፊት አመጣው። እኔም ጠይም ፊታቸው ቁልጭ ብሎ እንዲታይ አድርጌ ቀረጽኩ። ድምፃቸው አንዴም አልተንቀጠቀጠም።

የሳቸውን ምስክርነት ብቻ ቆርጠን ለሰፈሩ ሰው በአዳራሽ አሳየን። ሲያልቅ ከእትዬ ዘሃራ ሱቅ አጠገብ ያለው ፀጉር ቤት ባለቤት ጋሼ ተስፋዬ፣ ስንት ጊዜ ለምነናቸው እምቢ ያሉን፣ ብድግ አሉ።

"እኔም አይቻለሁ። ካሜራህን ይዘህ ፀጉር ቤቴ ና። በብርሃን ነው የምቀረጸው!"

ከኋላቸው ሌላው ተነሣ፣ ከዚያም ሌላው። እንባዬ መጣ፣ አላፍርበትም።

ለናንተ ለፊልም ሥራ ጀማሪዎቹ የምለው ይኸው ነው፤ ፊት ከመደበቃችሁ በፊት ባለቤቱን ጠይቁ።